ሦስት ነገሥታት በአንድ ግድግዳ

አስጎብኚ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ልንገራችሁ፤ አንድ ከሰዓት ሙሉ ሆኜ አይቼዋለሁና። አስጎብኚ ማለት ከኋላው የሚመጣው ሰው በጥያቄ እንዳይደርስበት ቶሎ ቶሎ የሚራመድ ሰው ነው። ሌላው ሁሉ፣ ታሪኩም፣ ዘመኑም፣ የነገሥታቱም ስም፣ ትንፋሽ እስካለ ድረስ መንገድ ላይ የሚገኝ ነገር ነው።

እኔ በሙያዬ ሹፌር ነኝ። ካሊፎርኒያ፣ ኦክላንድ እኖራለሁ፤ ሰው ከኤርፖርት አመጣለሁ፣ ሰው ወደ ኤርፖርት እመልሳለሁ። መንገዱን ታውቀዋለህ ወይ ካላችሁኝ እኔ አላውቀውም፤ የሚያውቀው ስልኬ ነው። ግራ ሲለኝ ግራ፣ ቀኝ ሲለኝ ቀኝ እያልኩ ዓመታት አብረን ስንኖር አንድ ቀን ተጣልተን አናውቅም። ውቅያኖስ የሚባለው ነገር ድልድዩን ተሻግሮ ከሳን ፍራንሲስኮ ጥግ እንዳለ እሰማለሁ እንጂ፣ የሚከፍል ተሳፋሪ ካልጠራኝ ምን ላደርግ እሄዳለሁ ብዬ ዞር ብዬም አላየሁት።

ሰላማዊት ደግሞ ሳን ሆዜ የምትኖር ነርስ ናት። ልንጋባ ነው። «ልንጋባ ነው» የምንለው እኔና እሷ ነን፤ አባቷ ገና አላሉም። አባቷ ጋሽ ታደሰ ይባላሉ፣ ጡረታ የወጡ ዳኛ ናቸው፤ ልጃቸውን ለመጠየቅ ከደሴ መጥተው ሰንብተዋል። እኔ ቅዳሜ ሽማግሌ ልልክ ነው፣ እሳቸው እሑድ ሊሳፈሩ ነው። ቅዳሜ እሺ ካሉ እሰየው። እምቢ ካሉ ግን ቃላቸውን ይዘው ደሴ ይገባሉ፤ የዳኛን ቃል ከደሴ የሚያስመልስ ሽማግሌ ደግሞ እስከ ዛሬ አልተፈጠረም።

ሽማግሌ ሳይደርስ ጠያቂው ልጅ ለልጅቷ አባት ዓይን መታየቱ ነውር ስለሆነ፣ ጋሽ ታደሰ ከመጡ ጀምሮ ሳን ሆዜን እንደ ጦር ሜዳ ሸሽቻት ነበር። ታዲያ ሐሙስ ጧት፣ ቁርሴን ሳልቀምስ፣ ሰላማዊት ደወለች።

«አንዷ ነርስ ዛሬ አልገባም ብላ ኮል አውት አድርጋ ሺፍቷን እኔ ላይ ጣሉት» አለችኝ፤ እየሮጠች ነው የምታወራው። «አባዬን ዛሬ ትጎበኛለህ ብዬ ቃል ገብቼለታለሁ። ሊወስደው የነበረው ሰውዬ መኪናው ተበላሸ። አንተ ውሰደው።»

«እኔ? ቅዳሜ ሽማግሌ የምልከው እኔ?»

«አንተ መሆንህን በምን ያውቃል? አስጎብኚ ነው እለዋለሁ።»

«ሰላም፣ እኔ ምኑን ነው የማስጎበኘው?»

«የአካባቢው ባህል፣ ጥንታዊ ፍርስራሽ፣ የባሕር ዳርቻ። በአንድ ከሰዓት ያልቃል ብዬዋለሁ።»

«ካሊፎርኒያ ውስጥ ጥንታዊ ፍርስራሽ የታለ?»

«ሰርች አድርግ! በቃ፣ ስወጣ ቴክስት አደርግልሃለሁ» ብላ ዘጋችው።

ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ማለት ይኼ ነው። መኪናዬ ውስጥ ቁጭ ብዬ ስልኬን ስጠይቀው፣ ሳን ፍራንሲስኮ ጥግ ውቅያኖሱ ዳር አንድ የፈራረሰ መታጠቢያ ቤት አለ አለኝ። ስለ ቦታው አንድ ቪዲዮ ከፍቼ ግማሹን አየሁ። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል የሚለውን ተረት የተረተው ሰው እኔን ቢያገኘኝ ኖሮ ይስመኝ ነበር።

ጋሽ ታደሰ በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ፤ ሙሉ ልብስ ለብሰው፣ ባርኔጣ አድርገው፣ በአንድ እጃቸው ከዘራ፣ በሌላው ሰላማዊት የቋጠረችላቸውን የምሳ ዕቃ ይዘው። አጎንብሼ፣ እንደገና አጎንብሼ፣ መሬት ልነካ ምንም ሳይቀረኝ ቀና ስል ትክ ብለው እያዩኝ ነው።

«አስጎብኚው አንተ ነህ?»

«አዎ ጋሼ።»

«ሥራውን ከጀመርክ ቆየህ?»

«ብዙም አልቆየሁ» አልኩ። እንግዲህ ያን ቀን የተናገርኩት የመጀመሪያው እውነት ይኼ ነበር፤ ብዙም አልተከተለውም።

መኪና ውስጥ ገና ቀበቷቸውን ሳያስሩ የምሳ ዕቃውን ከፈት አደረጉት። ፍርፍር ነው። ሽታው መኪናውን ሞላው፣ ሆዴም ተነሥቶ ቆመ። «እንብላ» አሉኝ። እኔ ግን አማቴ ሊሆኑ በሚችሉ ሰው ፊት አፌን ከፍቼ ማኘክ እንዴት ይሆንልኛል? እናቴ ያሳደገችኝ አማት ፊት የሚበላ ወንድ ዓይኑ የወጣ ነው እያለች ነው። «በልቻለሁ ጋሼ» ብዬ መሪውን ጨበጥኩ።

ባህሉን ኦክላንድ መሃል ካለው ሐይቅ ለመጀመር አሰብኩ፤ ለምን ካላችሁኝ ፓርኪንግ የማገኝበት ቦታ እሱ ብቻ ስለሆነ ነው። ጋሽ ታደሰ ከዘራቸውን ተመርኩዘው ዙሪያውን አዩ።

«ባህሉ የታለ?»

«ይኸው ጋሼ፣ ሰው ይሮጣል።»

«ማን እያባረራቸው ነው?»

«ማንም። ባህላቸው ነው።»

ራሳቸውን ነቀነቁ። ራሳቸውን ሲነቀንቁ መዝገብ ውስጥ የሚጽፉ ይመስላሉ። በዚህ መሀል አንዲት ሴትዮ የልጅ ጋሪ እየገፋች መጣች። ጋሽ ታደሰ ባርኔጣቸውን አወለቁ፣ ወደ ጋሪው ጎንበስ አሉ፣ «እደግ! እደግ ተመንደግ! ለወግ ለማዕረግ ያብቃህ!» ካሉ በኋላ በአገራችን ደንብ፣ እትፍ፣ እትፍ አሉበት። ከጋሪው ውስጥ አንድ ሹራብ የለበሰ ውሻ አንገቱን ብቅ አድርጎ አፍንጫውን ላሰ።

ሴትዮዋ ጮኸች። ሰውዬው ውሻዬ ላይ ተፋብኝ እያለች ሯጮቹን አቆመች።

«ምን አለች?» አሉ ጋሽ ታደሰ።

«አመሰገነች።»

«ምስጋና እንዲህ በጩኸት ነው?»

«ባህላቸው ነው ጋሼ።»

ወደ ሴትዮዋ ዞሬ፣ በሰባራ እንግሊዝኛዬ፣ በእኛ አገር ትልቅ ሰው ሲመርቅ እንዲህ ያደርጋል፣ የተተፋበት ልጅ ያድጋል ይከብራል፣ እሳቸውም ቀላል ሰው አይደሉም ዳኛ ናቸው አልኳት። ፊቷ ቀስ እያለ ተፈታ። ቆይታ ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «ቤት ሌላ ውሻ አለችኝ፣ አርጅታ ታማብኛለች፣ ለእሷም ያድርጉልኝ።» ጋሽ ታደሰ ምን አለች ሲሉኝ «ቤት የቀሩትንም ይመርቁልኝ ነው የምትለው» አልኳቸው። ሁለት እጃቸውን ዘርግተው ረጅም ምርቃት መረቁላት። ሴትዮዋ እንባዋ መጣ። እኔ ከሁለቱ ማን ምን እንደገባው፣ ለእኔስ ራሴ ገብቶኛል ወይ እያልኩ ተከትያቸው መኪና ገባሁ።

ትንሽ እንደሄድን «ውሻ ነበር አይደል?» አሉኝ።

«አዎ ጋሼ።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«እኔም መርቀው ሲጨርሱ ነው ያየሁት።»

«እሱም ፍጥረት ነው» አሉ። «እሺ፣ ባህሉን አየን። ፍርስራሹስ?»

ድልድዩን ተሻግረን ከተማውን ጥግ ድረስ አቋርጠን ስንደርስ፣ ከባሕሩ ላይ ጉም እየተነሣ ነው። ወደ ታች የሚያወርደው ደረጃ አናት ላይ ቆሜ ቪዲዮውን ልከልሰው ስልኬን ሳወጣ ጥቁር አለብኝ። የመኪናዬ ቻርጀር ገመድ ከተበጠሰ ሰንብቷል፤ እገዛለሁ እገዛለሁ ስል ቆይቼ እዚህ ደረስኩ። እውነቴን ልንገራችሁ፤ ስልኬ ከሞተ እኔ በዚያ አገር ምንም አይደለሁም፤ መኪናዋን እንኳ የት እንዳቆምኳት የሚያውቀው እሱ ነው።

ወረድን። ጉሙ ውስጥ አንድ ረጅም የፈራረሰ የሲሚንቶ ግድግዳ ጉብ ብሏል፣ ከሥሩ አረንጓዴ ውኃ ያቆረ ጉድጓድ አለ።

«ይኼ የማን ነው?» አሉ ጋሽ ታደሰ።

ከቪዲዮው የቀረኝ አንድ ቃል ነው፤ መታጠቢያ። «የ… የንጉሡ መታጠቢያ ነው።»

«አሜሪካ ንጉሥ ነበራት?»

«ጥንት ነው ጋሼ።»

«በዐይንህ ያየኸውን ነው የምትነግረኝ ወይስ የሰማኸውን?»

«የሰማሁትን።»

«ከማን?»

«ከስልኬ።»

«ምስክሩ ይቅረብ።»

«አሁን ነው የሞተው ጋሼ።»

መነጽራቸውን ጉሙ ሸፍኖት ነበርና ከዘራቸውን ግድግዳው ላይ አስደግፈው በመሀረብ ወለወሉት። እኔ ሌላ ጥያቄ እንዳይመጣ «በዚህ በኩል» ብዬ ቀደምኩ፤ እሳቸውም ተከተሉኝ። ጉሙ ይወፍራል፣ ባሕሩ የሆነ ቦታ ሆኖ ይጮኻል። ዞርን፣ በድንጋይ ላይ ወጣን፣ ወረድን፣ ሌላ ግድግዳ ጋ ደረስን።

«ይኼኛውስ?»

«ይኼ የልጁ ነው» አልኩ ሳላስብ። «ንጉሡ ሲሞት ልጁ የአባቱን መታጠቢያ አልፈልግም ብሎ የራሱን አሠራ።»

«ምን ጎደለበት?»

«ኩሩ ነበር ይላሉ።»

እንግዲህ አንዴ ከነገሥታት ቤት ከገባ ሰው መውጫውን አያገኝም። አለባብሰው ቢያርሱ በአረም ይመለሱ እንዲሉ፣ እኔም ተመለስኩ። ስንሄድ ስንሄድ ደግሞ ጋሽ ታደሰ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው የምፈራውን ጉዳይ አነሡት።

«አንተ ኦክላንድ ነው የምትኖረው?»

«አዎ።»

«አንድ ልጅ አለ። ቅዳሜ ልጄን በሽማግሌ ሊጠይቀኝ ነው። ኦክላንድ የሚኖር ሹፌር ነው አሉኝ። እናንተ ሐበሾች እዚህ ትተዋወቃላችሁ። ምን ዓይነት ሰው ነው?»

ጉሙ ፊቴን ባይሸፍንልኝ ኖሮ ያኔውኑ አልቆልኝ ነበር። አስቡት፤ ስለ ራሴ ልመስክር ነው። ጎበዝ ነው፣ ጨዋ ነው እንዳልል ራሱን የሚያመሰግን ሰው ያሳፍራል፤ ሰነፍ ነው እንዳልል ሰላማዊትን አጣታለሁ።

«ደህና ልጅ ነው ይላሉ።»

«በዐይንህ አይተኸዋል?»

«አልፎ አልፎ። በመስታወት… በመኪናው መስታወት ውስጥ።»

«ይጠጣል?»

«በሰርግ ካልሆነ አይጠጣም።»

«ሥራ ይወዳል?»

«ሥራው መንገድ ከመራው ይሠራል።»

«ይዋሻል?»

እዚህ ላይ ቆምኩ። ከኋላዬ ሁለት ነገሥታት ነግሠው ወጥተዋል፣ አንድ ውሻ ተመርቋል፣ ስንት ነገር ባህል ሆኖ አልፏል። አዎ ካልኩ አበቃ፣ አይ ካልኩ ደግሞ ይኸው ዋሸሁ።

«ሲጨንቀው ይዋሻል ጋሼ» አልኩ። ምን ነክቶኝ እንዳልኩት እስከ ዛሬ አላውቅም። ሰው የራሱን ጉድጓድ በገዛ ምላሱ ሲቆፍር አካፋ አያስፈልገውም። ጋሽ ታደሰ «እህ» አሉ።

ከዚያ ሦስተኛው ግድግዳ መጣ። ሆዴ ባዶ፣ ጭንቅላቴ ባዶ፣ ስልኬ ሙት። ሳይጠይቁኝ ጀመርኩት፤ ወሬ ለመለወጥ ብዬ።

«ይኼ ደግሞ ልጁን ገድሎ የነገሠው የጦር አበጋዝ ያሠራው ነው። ጨካኝ ነበር። ሕዝቡ እስከ ዛሬ…»

«ቆይማ» አሉኝ። ጉሙ ውስጥ እጃቸውን ሰድደው አንድ ነገር አነሡ። «ይኼስ የማን ከዘራ ነው? የአበጋዙ?»

አየሁት። የራሳቸው ከዘራ ነው። ያው ግድግዳ፣ ያው አረንጓዴ ውኃ። ሦስቱንም ነገሥታት ያነገሥኩት እዚያችው ቦታ ላይ ነው። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ፤ ምን ያደርጋል፣ የካሊፎርኒያ መሬት መከፈት የሚያምራት በሌላ ቀን ነው።

«ደሴ የጉም አገር ነው» አሉኝ ቀስ ብለው። «እኛ ጉም ስናይ ምልክት ሳንተው አንንቀሳቀስም። የልጁ መታጠቢያ ጋ ስንደርስም አይቼው ነበር። የቀረውን ታሪክ ልስማ ብዬ ነው።»

«ይቅርታ ጋሼ» አልኩ።

ግድግዳው ላይ ተቀመጡና «የባሕር ዳርቻው ነው የቀረው» አሉ። ባሕሩ በጉሙ አይታይም። «ይኸው እዚያ ነው» ብዬ ድምፁ ወደሚመጣበት ጠቆምኩ። «እሺ፣ ይኼንን እንኳ ሰምቼ ልመን» አሉና ይዘውት የወረዱትን የምሳ ዕቃ ከፈቱ።

«ብላ።»

«በልቻለሁ ጋሼ።»

«ጾም ነህ?»

«አይደለሁም።»

«ያመመህ ነገር አለ?»

«የለም።» ይኼን ስል ሆዴ ጮኸ። ባሕሩ ነው እንዳልል ከባሕሩ ጩኸት ይበልጥ ነበር። ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይባላል፤ የኔን ረሃብ አወጣው። ጋሽ ታደሰ ጠቅልለው አንድ ትልቅ ጉርሻ ዘረጉልኝ። ጉርሻ አይመለስም። ተቀበልኩና ፊቴን ወደ ማይታየው ባሕር አዙሬ፣ አፌን በእጄ ጋርጄ፣ እንደ ሙሽራ እየተሽኮረመምኩ ዋጥኩት። ዞር ስል ትክ ብለው ያዩኛል።

ከዚያ ተነሥተው ከዘራቸውን ወደፊት ዘረጉ። «ስንወርድ ባሕሩ በግራችን ነበር፣ አሁን በቀኛችን እናድርገው» ብለው ደረጃው ሥር አደረሱኝ። እኔ ነኝ የተከተልኩት። መኪናዋንም ያገኙት እሳቸው ናቸው። እስከ ሳን ሆዜ መንገዱን የመራኝ የመንገድ ጠቋሚው ሰሌዳ ነው፤ እሱንም እሳቸው አነበቡልኝ።

ዓርብ ቀኑን ሙሉ ሰላማዊትን በቴክስት አሰለቸኋት። ስለ እኔ ምን አሉ? ምንም አላለም ትለኛለች፣ ስለ ውሻው ብቻ ነው የሚያወራው። ሲጨንቀው ይዋሻል ያልኩትን ልነግራት ጻፍኩና አጠፋሁት። እንቅልፍ አልወሰደኝም። የገዛ ሰርጌን በገዛ አፌ ያፈረስኩ መስሎኝ ልቤ አዝኖ ነበር። ጥንታዊ ፍርስራሽ ብላ ብትልከኝ ፍርስራሹ ይኸው የገዛ ሰርጌ ሆነ ብዬ በራሴ ሳቅሁ፣ ሳቁም አልጣመኝ።

ቅዳሜ ሽማግሌዎቹን ሰላማዊት በር ላይ አወረድኳቸው። ሦስት ናቸው፤ መሪያቸው ጋሽ አበራ፣ ኦክላንድ ውስጥ ለሰርግም ለለቅሶም የሚቀድሙ ትልቅ ሰው። እኔ በደንቡ መሠረት መንገዱ ጥግ መኪናዬ ውስጥ ሆኜ ጠበቅሁ። ብዙ ቆዩ። ሲወጡ ጋሽ አበራ ከፊት ናቸው፣ እጃቸው ላይ የጋሽ ታደሰን ከዘራ ከፍ አድርገው ይዘዋል፣ እየፈጠኑ ነው።

ጋሽ ታደሰ በከዘራ አባረዋቸው፣ እሳቸው ነጥቀው ያመለጡ መሰለኝ። ሞተር አስነሥቼ በሮቹን ሁሉ ከፈትኩ። «ግቡ! ቶሎ ግቡ!»

«ምን ሆነሃል አንተ?» አሉ ጋሽ አበራ። «ሰጥተዋል!»

«ምን?»

«ልጃቸውን ሰጥተዋል። ነገሩ ግን ግራ የሚያጋባ ነው። ቤተሰብህን፣ ሥራህን፣ ጠባይህን ልንናገር ተዘጋጅተን ሄደን አንዱንም አልጠየቁን። ‹ልጁ ሲጨንቀው ይዋሻል፤ ስለ ራሱ ሲጠየቅ ግን እውነቱን ይናገራል፤ መርምሬዋለሁ› አሉን። መቼ መረመሩህ? ከዚያ ይኼን ከዘራ ለአስጎብኚው ስጡልኝ፣ ጉም ሲሆን ምልክት ይተውበት አሉ። ‹አማቱ ፊት መብላት የሚያፍር አስጎብኚ በሕይወቴ አይቼ አላውቅም፤ ይምጣና ይብላ› ብለዋል። ማነው ደግሞ ይኼ አስጎብኚ? የት እናገኘዋለን?»

ከዘራውን ተቀብዬ በሩን ክፍት ትቼ ደረጃውን ወጣሁ፤ ሽማግሌዎቹ «አንተ አይደለህም የተጠራኸው!» እያሉ ከኋላ ይከተሉኛል። ሰላማዊት በሩን ከፈተች። እያለቀሰች ነው፣ እየሳቀችም ነው። ጋሽ ታደሰ ከገበታው ወዲያ ተቀምጠዋል። ጉልበታቸውን ስሜ ስነሣ አንድ ትልቅ ጉርሻ ጠቅልለው ጠበቁኝ።

«አሁን አስጎብኚ አይደለህም። ብላ» አሉኝ።

ጎረስኩ። ልማድ ሆኖብኝ ግን ፊቴን ወደ ግድግዳው አዙሬ አፌን በእጄ ጋረድኩ። ከኋላዬ የዳኛው ድምፅ መጣ።

«ይኼኛው ግድግዳስ የማን ነው?»

«የሰላማዊት ነው ጋሼ» አልኩ እያኘክሁ፤ «ይኼን እንኳ በዐይኔ ነው ያየሁት።»